ሎደሯን ያወደስኩባት ጠዋት

ጨረታ ላይ የፈለግከውን ማሽን አታወድስም። ጎማውን በእግርህ ነካ ታደርግና ፊትህን አኮሳትረህ ታልፋለህ። ይህን የማያውቅ ኦፕሬተር የለም፤ እኔም አሳምሬ አውቃለሁ።

የምሠራበት ድርጅት ተዘግቶ ማሽኖቹ ከአያት ወዲያ ያለ ግቢ ውስጥ ለጨረታ ቆሙ። ዘጠኝ ዓመት አፈር እየዛቅሁ የነዳኋት ሎደርም አለችበት። እሷን ለመግዛት ባለቤቴ የአንገት ወርቋን ሸጠች፤ ወንድሟም ያለውን ጨመረበት። ሎደሯን ካገኘሁ የሰው ማሽን እየነዳሁ የሰው ግልምጫ መዋጥ ይቀርልኛል። ሌላ ምንም አልፈለግሁም።

ድርጅቱ ሊዘጋ ሲል ሞተሯ እንደታደሰ የምናውቀው እኔና መካኒኩ ብቻ ነን፤ እሱ ደግሞ አገር ለቆ ሄዷል። ሳምንቱን ሙሉ ላገኘሁት ሁሉ፣ አለቀላት፣ ለቁርጥራጭ ካልሆነ አትረባም እያልኩ ከረምኩ። አቧራዋን እንደለበሰች ማንም ዞር ብሎ አላያት። ልቤ ቅቤ ጠጣ።

በጨረታው ጠዋት የቴሌቪዥን ሰዎች ከች አሉ። የከባድ ማሽን ጨረታ ሪያሊቲ ሾው ሊሠሩ ነው። ጉድ እኮ ነው! የሰው እንጀራ ሲሸጥ ቁጭ ብሎ የሚያይ አለ ማለት ነው። አቅራቢዋ ልጄ የምትሆን ወጣት ናት፤ ተጫራቹ ሁሉ አፉን ዘግቶ መቆሙ አናዷታል። የሎደሯ ኦፕሬተር እኔ መሆኔን ሲነግሯት ማይኳን ይዛ መጣች።

"ጋሼ፣ ስቶሪዎትን ይንገሩን። ሪል ይሁን፣ ከልብ።"

በዘጠኝ ዓመት ውስጥ ስለ ሥራዬ የጠየቀኝ ሰው አልነበረም። ደስ አለኝ፤ ምን ልዋሽ። ኮሌታዬን አስተካክዬ ጀመርኩ። ሲኤምሲ ላይ የስንቱን ሕንፃ አፈር አብረን እንዳነሳን ተረክሁ። አብሮኝ የመጣው አማቼ፣ የባለቤቴ ወንድም፣ ክርኔን ሲጎትተኝ መንጭቄ አስለቀቅሁት። ምላሴን በቆረጠው!

"ይቺን አቧራዋን አይታችሁ አትናቋት" አልኩ። "ሞተሯ አዲስ ነው።"

ፊታቸውን ያዞሩት ሁሉ ተመለሱ። ጨረታው ሲጀመር ዋጋዋ ወዲያው ከአቅማችን በላይ ወጣ፤ አንድ የቦሌ ኮንትራክተር ወሰዳት። ይባስ ብሎ አስነስተህ አሳየን አለኝ። ወጥቼ አስነሳሁለት፤ በአንድ ጊዜ ተነሳች። አጨበጨቡ።

ፕሮግራሙ የተላለፈው እሑድ ከምሳ በኋላ ነው። የካ አባዶ ቤታችን ውስጥ ሁለታችን ብቻ ሆነን አየነው። ለባለቤቴ ሀብታም ቀደመን ብቻ ነበር ያልኳት፤ አማቼም ይሉኝታ ይዞት አልነገራትም። ማይኩ ፊት ስለ ሞተሩ ሳወራ ስትሰማ እጇ ወደ ባዶ አንገቷ ሄደ።

"እኔ ወርቄን የሸጥኩት እንድትገዛት ነበር" አለች። "አንተ ግን ሸጥካት።"

ቴሌቪዥኑ ላይ ገና እየሳቅሁ ነበር።