ጀሪካኑን ማን ይመታ ነበር?

ባለፈው ሐሙስ፣ ከቀትር ትንሽ አለፍ ሲል፣ እዚህ ጅቡቲ፣ ካርቲየ አንድ በሚባለው ሰፈር፣ ከሱቄ ፊት ለፊት ካለው ሻይ ቤት ተቀምጬ ነበር። ሶማሌው ጎረቤቴ «ያገርህ ሰው ነው፣ እይ» ብሎ ስልኩን አቀበለኝ። የልጅነት ጓደኛዬ ደምሴ ነው። ጠጉሩ ሸሽቷል፣ ጆሮው ላይ ሎቲ አንጠልጥሏል፤ ሶፋ ላይ ተንፈላስሶ ስለ ፊልም ሕይወቱ ይጠየቃል። «ጅቡቲ ጎዳና ላይ ብቻዬን ነበር የምጨፍረው፤ ከጎኔ ማንም አልነበረም» አለ አፉን ሞልቶ። ሻዩ ትን አለኝ።

ያኔ ሁለታችንም ሃያ አልሞላንም። ከወሎ አብረን ወጥተን ወደ የመን ልንሻገር፣ ደላላው ጠብቁ ስላለን ማዕከላዊ ገበያ እንውል ነበር። እሱ እስክስታ ይወርዳል፣ እኔ ባዶ የዘይት ጀሪካን እመታለሁ። አሸዋ ያዘለ የሐምሌ ንፋስ ፊታችንን ይገርፋል። ጫት ሻጮቹ ሴቶች ደስ ሲላቸው ትኩስ ሳምቡሳ ያቀምሱናል፤ እንደዚያ የጣመኝ ምግብ ከዚያ በኋላ የለም። አልክድም፣ ደምሴ ትከሻ ነበረው። ምት ግን አያውቅም። እጄ ሲቆም ትከሻውም ይቆማል።

አንድ ቀን ስለ ስደተኞች ፊልም የሚሠራ ፈረንሳዊ መጣ። ደምሴ በሕዝብ መሀል ሲጨፍር ሊቀርጸው ፈለገና ሰባት ሰዓት ሊሆን ሲል ቀጠረን። ጅቡቲ አንድ ሳምንት የሰነበተ ሰው ያንን ሰዓት ያውቀዋል፤ ጫት ከኢትዮጵያ የሚገባበት ነው። አይሆንም፣ ጠዋት ይሁን ብዬ በአስተርጓሚው አስነገርኩ። ሰውየው እጁን አወናጨፈ። ሕዝቡ ለኪነ ጥበብ ሲል ይቆማል አለ። ለኪነ ጥበብ!

ደምሴ ዓይኑን ጨፍኖ ጀመረ፣ ሕዝቡም አጨበጨበ። ወዲያው የጫት መኪና ጡሩምባ ተሰማ። ገበያው በአንድ ትንፋሽ ባዶ ሆነ። ካሜራው ላይ ጥላ የያዘው ሰው እንኳ ጥላውን ወርውሮ ሮጠ። እኔ ከካሜራው ጎን ሆኜ መታሁ። ካቆምኩ ያቆማል፤ ካቆመ ደግሞ ፊልሙ ይቀርና ሁለታችንንም የሚጠብቀን የደላላው ጀልባ ነው። ባሕሩን እፈራ ነበር። መዳፌ ተላጠ፣ አላቆምኩም። ፈረንሳዊው «የስደተኛ ብቸኝነት!» እያለ እንባውን ይጠርግ ጀመር። ሰው እኮ ጫት ሊገዛ ነው የሄደው።

ፈረንሳዊው ደምሴን ይዞት ወደ አገሩ ሄደ። በሄዱ ዕለት ደምሴ ራስ ዲካ፣ ባሕሩ ዳር፣ አቅፎኝ «አስወስድሃለሁ ወንድሜ፤ ያላንተማ ትከሻዬም አይንቀሳቀስ» አለኝ። አመንኩት። ጀልባውን ተውኩና ጠበቅኩ፤ ስጠብቅ ሸመገልኩ። የፊት ወዳጅህን በምን ቀበርከው? በሻሽ፣ የኋለኛው እንዳይሸሽ ይባላል። እኔን ያለ ሻሽ ነው የቀበረኝ። እሱ በአንዱ ፊልም ስደተኛ፣ በሌላው ዘበኛ ሲሆን ኖሮ፣ ዛሬ የጭፈራ ውድድር ዳኛ ነው አሉ። ምት የማያውቅ ዳኛ።

ጎረቤቴ ያንኑ ፊልም ፈልጎ አገኘው። የጀሪካኔን ድምፅ አጥፍተው የሚያለቃቅስ ቫዮሊን ጨምረውበታል። ድምፁን ዘጋሁና ጠረጴዛውን በጣቴ መታሁ። ጣቴ ባረፈ ቁጥር የደምሴ ትከሻ ወረደ፤ አንድም አልሳተም። ጎረቤቴ አንዴ ስልኩን፣ አንዴ ጣቴን አየ።

«አንተ ነበርክ እንዴ የምትመታለት?»

«አፉ ቢክደኝም ትከሻው አልካደኝም» አልኩት።

ሊመልስልኝ ሲል ከመንገዱ ጥግ ጡሩምባ ጮኸ። ስልኩን ከእጄ ነጥቆ ሮጠ፣ ሻይ ቤቱም ተከትሎት ወጣ። ጣቴ ጠረጴዛው ላይ እንዳለ ብቻዬን ቀረሁ። ካሜራ ግን አልነበረም።