በውክልና የቀረበ ሰላምታ

አንድ ሃርድ ዲስክ መሸጤ ጌጃ ሰፈር የነበረችኝን ሱቅ፣ ሰባ ሁለት ቀን እስርና የቀኝ ጆሮዬን መስማት አስከፍሎኛል። ነጋዴ ነኝ፤ ገዢን ምን ልትጭንበት ነው ብዬ አልጠይቅም። ቤት ስለፈረሰባቸው ሰዎች ዶክመንተሪ እንደተሠራበት የሰማሁት ከታሰርኩ በኋላ ነው።

የእስር ክፍሉ ስገባ መጀመሪያ የተቀበለኝ የእርጥብ ካልሲ ሽታ ነበር። ቀጥሎ ደንበኛዬ፣ የፊልሙ ኤዲተር፤ ወደ ግድግዳው ተጠግቶ ቦታ ለቀቀልኝ።

"ይቅርታ" አለኝ።

"ዲስኩስ ደህና ሠራልህ?"

"በደንብ ሠራ። ችግሩም እሱ ነው።"

በመዝገባችን ሦስተኛው ሰው ፊልሙ ላይ የተናገሩ የወሎ ሽማግሌ ነበሩ። ሚስታቸው ጠመንጃ ያዥ ሰፈር፣ ዘመድ ቤት፣ የአልጋ ቁራኛ ሆናለች፤ ሐኪምም ተስፋ ቆርጧል። በፖሊስ አጀብም ቢሆን አንድ ሰዓት እንዲያዩዋት ሊጠይቁ ሁለቴ ችሎት ቀርበው፣ ሁለቴም ዳኛው አቋርጠዋቸዋል። አባባ ለዳኛ፣ ለፖሊስ፣ ለታዳሚ ሰላምታ ሳይሰጡ፣ የማን ልጅ እንደሆኑ ሳይናገሩ ጉዳይ አያነሱም።

"አባባ፣ ዳኛው ሲያስቆሙዎት ገና ደሴ ነበሩ አሉ!" ይላቸዋል የክፍሉ አለቃ፣ ካቦው። "ልደታ ፍርድ ቤት መቼ ሊደርሱ ነው?"

ሰው ይስቃል። እሳቸው አይስቁም።

የሦስተኛው ቀጠሮ ዋዜማ ኤዲተሩ "እስቲ ለእኛ ይንገሩን" አላቸው። ሲናገሩ እሳቸውን አላየም፤ የሰሚዎቹን እጅ ነበር የሚያየው። አንዱ ዳቦ ይቆርሳል፣ አንዱ ከሸሚዙ ስፌት ቅማል ይለቅማል፣ ካቦው ጢሙን ይነጫል። በንግግራቸው ብዙ ከሄዱ በኋላ "ውሃ እንኳ ከእኔ እጅ ካልሆነ አትጠጣም" አሉ።

እጁ ሁሉ ቆመ።

"ከዚህ ይጀምሩ" አለ ኤዲተሩ። "ከዚህ በፊት ያለውን እንቆርጠዋለን።"

"ሰላምታዬንም?"

"ሰላምታውንም።"

"እንዴ! አሳዳጊ የበደለው ልባል? ፊልምህ ላይ ሁሉንም አስገብተህልኝ የለም ወይ?"

"እዚያ ጊዜ ነበረን፣ አባባ።"

እምቢ አሉ። ሚስታቸውን ለማየትም ቢሆን ባለጌ ሆነው አይቀርቡም። ኤዲተሩ ወደ እሳቸው ዞረ።

"እሺ፣ ሰላምታውን እኔ ላድርስልዎት። ከእርስዎ ቀድሜ ነው የምጠራው።"

በማግስቱ ፖሊስ ተጨማሪ ቀን ጠየቀ። ኤዲተሩ ስለ ዋስትናው እንዲናገር ዕድል ተሰጠው። ተነሥቶ ለዳኛው፣ ለፖሊሶቹ፣ ለታዳሚው በየተራ እጅ ነሳ። "ይህ ከኋላዬ ያሉት አባት ሰላምታ ነው" አለ። የአባታቸውን፣ የአያታቸውን፣ የመንደራቸውን ስም ጠራ። ወር ሙሉ ድምፃቸውን ሲቆርጥና ሲቀጥል ስለከረመ አንድም አልሳተ።

"የራስህን ተናገር" አሉት ዳኛው። "ጊዜህ እያለቀ ነው።"

"ጨርሻለሁ።"

አባባ ተነሡ። ከውሃው ጀመሩ። ጸሐፊዋ መተየቧን አቆመች።

ተፈቀደላቸው። ከሰዓት ወስደው ሲመልሷቸው ጥጋቸውን ይዘው ተቀመጡ። "ጠጣች" አሉ። ሌላ አልጠየቅናቸውም። በሳምንቱ ሞተች።

አሁን የስልክ ሽፋን እሸጣለሁ። ያን ቀን ኤዲተሩ ስለራሱ ቢናገር ኖሮ ይለቁት ነበር ወይ እያልኩ አንዳንዴ አስባለሁ። አላውቅም። አባባን እንዲህ ያለ ነገር አይጠይቋቸውም።

እሳቸውና እኔ በዋስ ወጣን። እሱ አልወጣም።