ከጮቄ የሚነሡት ወንዞች

ልጅ ሳለሁ፣ አንድ ማክሰኞ ነበር፣ ከቀኑ ዘጠኝ ሰዓት። ዛሬ ደብረ ማርቆስ በምሠራበት ቢሮ አዲስ በተሰቀለው የቀን መቁጠሪያ ላይ በረዶ የለበሰ የአሜሪካ ተራራ አየሁ። ሬኒየር መሆኑን ጽሑፉን ሳላነብ አወቅሁና ያ ማክሰኞ መጣብኝ።

ሮብ ገበያ አጠገብ ወዳለው ቤታችን ሁለት ሽማግሌዎች መጥተው ነበር። ከእኔና ከታላቅ እህቴ ከውድነሽ አንዳችንን ለልጃቸው ይፈልጋሉ። የተሰጠችው ትምህርቷን እንደምታቆም ሁለታችንም እናውቃለን። አያታችን መሪጌታ ናቸው፤ "እስቲ የተማራችሁትን አሰሙን" አሉ።

እኔ ቀደምኩ። የአሜሪካን ተራሮች፣ ደናሊ፣ ዊትኒ፣ ሬኒየር እያልኩ አንድም ሳልስት ወረድኳቸው።

አንደኛው ሽማግሌ ሳቁ። "የሰው አገር ድንጋይ ስትቆጥር ከርማለች። ከጮቄ የሚነሡትን ወንዞችስ ታውቂያቸዋለሽ፣ ልጄ?"

አላውቃቸውም ነበር፤ ወደ ጓዳው ዞርኩ። እህቴ ማፈሬን አይታ ከጓዳው በር ላይ ሆና "ጨሞጋ፣ ሙጋ፣ ጌደብ" ብላ መለሰችልኝ።

"ይኸው፣ ለእኛ የምትሆነው ይህች ናት" አሉ ሽማግሌው።

አያቴ ጭራቸውን አወዛወዙ። "እንግዲህ ሩቅ የምታውቀው በትምህርቷ ሩቅ ትሂድ፤ ቅርብ የምታውቀው ቅርብ ትዳር።"

ተራሮቹን በቃሌ ያስጠናችኝ እህቴ ነበረች። "እሷም ታውቃቸዋለች" ብል ይበቃ ነበር፤ አላልኩም። ዛሬም ስንገናኝ ስለ ልጆቿ እንጂ ስለዚያ ቀን አናወራም።

ከዚያ ማክሰኞ በማግስቱ ጠዋት እህቴ እንደ ወትሮው ፀጉሬን ጎንጉና ስትጨርስ፣ ደብተሬን ይዤ ብቻዬን ትምህርት ቤት ሄድኩ።