የደቻቱን ድርሰት የደረሰችው

ልጅ እያለሁ በድሬዳዋ ከዚራ ሰፈር ውስጥ መቀመጥ የማይሆንላቸው አንድ ሰው ነበሩ። መምህር ዘርዓብሩክ ይባላሉ። ግዕዝ፣ ግሪክና ዕብራይስጥ የተማሩ፣ ዕድሜያቸውን በቅዱሳት መጻሕፍትና በጥንት ድርሳናት ላይ ያሳለፉ ሊቅ ናቸው። ከምሳ በኋላ ሱቁ ሁሉ ዘግቶ ድሬ በሙቀት ስትተኛ፣ እርሳቸው እጃቸውን ወደ ኋላ አጣምረው ከዛፍ ጥላ ወደ ዛፍ ጥላ ይመላለሳሉ። የሚያመላልሳቸው ያው አንድ ጥያቄ ነው፤ ይህን የደረሰው ማነው? ባለቤቱ በውል የማይታወቅ ጽሑፍ ካገኙ ከቄሱም ከሻይ ቤት ደንበኛውም ጋር ሲከራከሩበት ይከርማሉ። ሰኞ ማክሰኞ ስንጫወት ያስቆሙንና የገልባጭ እጅና የደራሲ ልብ አንድ አይደለም ይሉናል። ነገሩ አይገባንም፤ ኪሳቸው ውስጥ ያለው ከረሜላ እስኪወጣ ነበር የምንሰማቸው።

ስድስተኛ ክፍል ሳለን ትምህርት ቤታችን ስለ ከተማችን ድርሰት አወዳደረ። የልብ ጓደኛዬ ሆዳን ነበረች። አባቷ የጭነት መኪና ሹፌር ነው፤ ቤታቸው ከደቻቱ ወንዝ ማዶ፣ ቤት ውስጥ የሚነጋገሩትም በሶማሊኛ። ሆዳን ስለ ደቻቱ ደረሰች። እጅ ጽሕፈቷ ዶሮ የጫረው ስለሚመስል በንጹህ ወረቀት የገለበጥኩላት እኔ ነኝ። ስሟን መጻፍ ሁለታችንም ረሳን። "ደቻቱ ደረቅ ነው፤ ደመና ድሬን ሲደፍን ግን ደጃችን ደርሶ ይደበድባል" ብሎ ይጀምራል። እየገለበጥኩ ሳለ ቅናት እንደ ሚጥሚጣ ሲለበልበኝ ዛሬም ይታወቀኛል።

በሳምንቱ ጠዋት ሰልፍ ላይ የአማርኛ መምህራችን እጅ ጽሕፈቴን ለይተው፣ አንደኛ የወጣችው ነጃት ናት አሉ። ተማሪው አጨበጨበልኝ። ዝም አልኩ። ሆዳን ከሰልፉ ወጥታ የእኔ ነው ስትል መምህሩ ሳቁ፤ እንዲህ ያለ አማርኛ ከየት አባሽ አምጥተሽ አሏት። እሷ ግን አልተወችም፤ እያለቀሰች ርዕሰ መምህሩ ቢሮ ገባች። ርዕሰ መምህሩም ነገሩን የሚዳኝ ሰው ፈልገው መምህር ዘርዓብሩክን አስጠሩ።

እርሳቸው ወረቀቱን ሁለት ጊዜ አነበቡና ወደ እኔ ዞሩ። "ይህን የጻፍሽው አንቺ ነሽ?"

"አዎ፣ እኔ ነኝ የጻፍኩት።"

በእጄ መጻፌ እውነት ነበርና አልዋሸሁም ብዬ ራሴን አጽናናሁ። ሆዳንን ግን ምንም አልጠየቋትም። ይህ በአማርኛ አፉን የፈታ ሰው ሥራ ነው ብለው ለእኔ ፈረዱ።

ከዚያ ወዲያ መቀመጫ አጣሁ። የሸለሙኝን መዝገበ ቃላት አልጋ ሥር ደበቅኩት። ሆዳን ወንበር ቀየረች። የምወደው ሳምቡሳ እንኳ አፌ ውስጥ እንደ ወረቀት ሆነብኝ። በሦስተኛው ቀን ምሳ ላይ እናቴ ስለ ጎረቤቶች ጠብ ስታወራ፣ እውነትና ንጋት እያደር ይጠራል አለች። ለእኔ ያለችው መስሎኝ ጉርሻዬን ጥዬ ወጣሁ። አስፋልቱ እግር ያቃጥላል። መምህር ዘርዓብሩክ እንደ ልማዳቸው ሲመላለሱ አገኘኋቸው።

"ጋሼ፣ ገለበጥኩት እንጂ አልደረስኩትም" አልኳቸው።

ቆሙ። ያን ያህል ጊዜ ሳይንቀሳቀሱ ቆመው አይቻቸው አላውቅም። አልተቆጡም፤ ሆዳንን ጥሪልኝ ብቻ አሉ። የደቻቱን ድልድይ ተሻግሬ ጠራኋት። ስንመለስ እሷ በአንዱ ጠርዝ እኔ በሌላው ነበር የምንሄደው። መምህር ድርሰቷን በቃሏ እንድትልላቸው ጠየቋት። ዓይኗን መሬት ላይ ተክላ አንድ ቃል ሳትስት ወረደችው። መሃል ላይ አስቆሟትና ይህ ሁሉ "ደ" ለምን እንደበዛ ጠየቋት።

"አባቴ መኪና ሲነዳ ግጥም ያወርዳል" አለች። "በሶማሊኛ ግጥም ስንኙ ሁሉ አንድ ድምፅ መያዝ አለበት፤ ካልያዘ አንካሳ ነው ይላል። እኔም በደቻቱ 'ደ' ያዝኩ።"

መምህር ዛፉ ሥር ድንጋይ ላይ ተቀመጡ። ወረቀቱን አውጥተው በጣታቸው እየተከተሉ "ደ"ዎቹን አንድ በአንድ ተመለከቱ። ከዚያ ሽማግሌ ለልጅ በማይናገርበት ድምፅ፣ "ልጄ፣ ስምሽን ሰምቼ ነው የፈረድኩት፤ ድርሰትሽን አንብቤ አይደለም" አሏት።

በማግስቱ ባንዲራው ሥር ቆመው፣ ተሳስቻለሁ፣ ደራሲዋ ሆዳን ናት አሉ። የአማርኛ መምህራችን አቀረቀሩ። አስቀድሜ የመለስኩላቸውን መዝገበ ቃላት ለሆዳን ሰጧት። የእኔን ስም ግን አላነሱም፤ ዋሸችኝም አላሉም። ጥፋቱን ሁሉ ራሳቸው ወሰዱት፤ እኔም ሰልፉ መሃል ተሸሽጌ ቆምኩ። ሆዳን ከዚያ በኋላ ሰላም ትለኝ ነበር፣ አብራኝ ግን አልተቀመጠችም። በዓመቱ አባቷ ሥራ ቀይሮ ከነቤተሰቡ ወደ ጅግጅጋ ሄደ።

ዛሬ መምህር ዘርዓብሩክ በሕይወት የሉም። እኔ እዚሁ ድሬ አማርኛ አስተምራለሁ። ባልደረቦቼ ጥሩ ድርሰት ሲያዩ ስልኩ ነው የጻፈለት ብለው ወረቀቱን ይወረውሩታል፤ ተሳስቻለሁ የሚል ሰው ግን እምብዛም አይገጥመኝም። ዘንድሮ ይህን ታሪክ ለመጀመሪያ ጊዜ ለተማሪዎቼ ነገርኳቸው። ከኋላ የተቀመጠች አንዲት ልጅ እጇን አወጣችና፣ "ቲቸር፣ እርሳቸው ተሳስቻለሁ አሉ። እርስዎስ ለሆዳን ምን አሏት?" አለችኝ።

ለሆዳን ምንም እንዳላልኳት ለልጅቷ ነገርኳት። ያኔ ሆዳን ድልድይ ብቻ ተሻግሬ የማገኛት ልጅ ነበረች። ዛሬ የት እንዳለች እንኳ አላውቅም።