ሳሙና የጠጣው ድስት

ሰፈሩ የሚያውቃት በቅጽል ስሟ ነበር፤ ኤጭ። ሕፃን ሳለች ወተት ላይ ስልባቦት ባየች ቁጥር «ኤጭ!» ትል ስለነበር እናቷ ናት ያወጣችላት ይባላል። ስሙም እንደ ቆዳ ተለጥፎባት ቀረ።

ዕድሜዋን የፈጀችው በአንድ ሆቴል የልብስ ማጠቢያ ክፍል ነው። እዚያ የማይታይ ጉድ የለም። ትራስ ላይ የደረቀ ለሃጭ፣ ጫማ የተወለወለበት ፎጣ፣ የተናፈጡበት የገበታ ጨርቅ። «ከራቫት አስሮ የሚገባውን ሁሉ እኔ በአንሶላው አውቀዋለሁ» ትል ነበር። እንዲህ እያለች የሰው እጅ ያበሰለውን መብላት ተወች። ሰርግ ስትጠራ በልታ ትሄዳለች፤ ለቅሶ ቤት ግድ ሆኖባት ከተቀመጠች ደግሞ የራሷን ማንኪያ ከቦርሳዋ ታወጣለች።

ከሁሉ የሚብስባት ግን ወጥ ቀምሰው የላሱትን ማንኪያ መልሰው ድስት ውስጥ ሲከቱት ማየት ነው። ይህን ደግሞ የምታደርገው የገዛ ታላቅ እህቷ፣ እታለም ናት። እታለም ወጥ ስትሠራ ማንኪያው ከድስቱ ወዳፏ፣ ካፏ ወደ ድስቱ ሲመላለስ ይውላል። ሁለቱ ካንድ ሆድ መውጣታቸው ያስገርም ነበር። ኤጭ በእህቷ ቤት እህል ሳትቀምስ ፀጉሯ ሸበተ።

የፈሩት ይደርሳል፣ የጠሉት ይወርሳል። እታለም በሳንባዋ ታማ ሆስፒታል ከርማ ወጣች፤ መውጣቱንስ ወጣች፣ እህል ግን አልገባ አላት። ሐኪሙ «ሳሏ አይጋባም፤ ካልበላች ግን መድኃኒቱ ብቻውን አያነሳትም» አለ። ማን ይስማው! አብራት የምትኖረው ምራቷ ኩባያዋን በቀይ ክር አስራ ለየችባት።

ኤጭ ልትጠይቃት ስትሄድ፣ ምራቷ ወጥታ፣ እታለም እንደ ታጠፈ ልብስ አልጋው ላይ ቀጥና አገኘቻት።

«ምን አማረሽ እታለም? በሞቴ ንገሪኝ።»

«የእማዬ የኦቾሎኒ ወጥ። በእማዬ ድስት።»

«ቤቴ ሠርቼ ላምጣልሽ?»

«እዚሁ ሥሪው። ሽታው ካልሸተተኝ ምኑን በላሁት!»

ኤጭ አትክልቱንና ኦቾሎኒውን ገዝታ ወጥ ቤት ገባች፤ በሩ ላይም ቆማ ቀረች። ምድጃው ላይ የፈሰሰ ዘይት ረግቶ አቧራ ለብሷል። የእቃ ማጠቢያው ጨርቅ ደርቆ እንደ ቁርበት ቀጥ ብሏል፤ በጣቷ ጫፍ ብታነሳው በረሮ ከሥሩ ሮጠ። የቧንቧው መውረጃ በሩዝና በፀጉር ተወትፏል። ድስቱ ደግሞ ጥግ ተቀምጧል፤ ሸክላ ነው፣ ሆዱ የስንት ዘመን ቅባት ጠጥቶ ጠቁሮ ያብለጨልጫል። እናታቸው በሙቅ ውሃ አለቅልቃ ብቻ ነበር የምታስቀምጠው። ኤጭ ይህን አስታወሰች፤ አስታውሳም ሰውነቷን ቀፈፋት።

ሙቅ ውሃ ሞላችበት፣ የዱቄት ሳሙና እፍኝ ሙሉ በተነችበት፣ አትክልቱን እስክትከትፍ ዘፈዘፈችው። ከዚያ በሽቦ ፈትጋ ደጋግማ አለቀለቀችው። እሷ ዘመኗን በብረት ድስት የኖረች፣ የሸክላን ጠባይ ከየት ታውቀው! ጠረኑ እንደ ንጹሕ አንሶላ ሲሆን ልቧ አረፈ።

ሽንኩርቱን አቁላላች፤ ዝንጅብል፣ ነጭ ሽንኩርት፣ ቲማቲም አስከተለች። ካሮቱን፣ ስኳር ድንቹን፣ ዱባውን ጨመረች። ኦቾሎኒውን ቆልታ፣ ገለባውን በትንፋሿ ማብነን ስለሚቀፋት አንድ በአንድ ለቅማ፣ ወቅጣና በጥብጣ አፈሰሰችው። ጎመኑን ከላይ በተነች። ወጡ መንተክተክ ሲጀምር ነጭ አረፋ ደፈቀ። የኦቾሎኒው ነው ብላ ገፈፈችው። ደግሞ ደፈቀ።

እታለም ግድግዳ እየተደገፈች መጣች። «እስቲ አቅምሺኝ» ብላ ጭልፋውን ነጠቀቻትና ላሰችው። ፊቷ ተጨማደደ፤ እንትፍ አለች።

«ሳሙና! የምን ጉድ ነው? ወጥ ስልሽ አንሶላ ቀቀልሽልኝ እንዴ?»

«ምን ሳሙና አመጣሽ?»

«ድስቱን በምን አጠብሽው?»

«በምን ይታጠባል ታዲያ?»

«ሸክላ ይጠጣል እኮ፣ አንቺ! የጠጣውን ደግሞ እሳት ሲነካው ያልበዋል።»

ኤጭ በራሷ ማንኪያ ቀመሰች። እጅ እጅ አላት፤ የሆቴሉ የእጥበት ክፍል ከነእንፋሎቱ አፏ ውስጥ ገባ። በዚያ በተወተፈው ቧንቧ ላይ አጎንብሳ ያላትን ሁሉ መለሰች።

ቀና ስትል እታለም አልሳቀችባትም። በርጩማው ላይ ተቀምጣ መሬት መሬቱን ታያለች። «ምራቴ ኩባያዬን ለየች፤ አንቺ ደግሞ የእናቴን እጅ ከድስቱ ፈቀፈቅሽው። ተይው፤ እህል ይቅርብኝ።»

ይህ የኤጭ አንጀት ላይ ደረሰ። ወጡን ደፍታ ከመደርደሪያው ሥር የእናቷን ትንሹን ድስት ጎተተች። ያም ሸክላ ነው፤ ውስጡ ጣት ሲነካው ያጣብቃል። ዓይኗን ጨፍና በሙቅ ውሃ ብቻ አለቀለቀችና በተረፈው አትክልትና ኦቾሎኒ እንደገና ጣደች። እታለም ከጎኗ ሆና ቀመሰች፣ ላሰች፣ ጭልፋውን መልሳ ነከረች። ኤጭ ጥርሷን ነከሰች።

ወጡ ሲወርድ እታለም ሳህኑን በእጇ ይዛ፣ «ያንቺስ?» አለች።

«በልቼ ነው የመጣሁ።»

«ስትዋሺ ጆሮሽ እንደሚቀላ አላውቅም? ብቻዬን አልበላም። የሚጸየፉኝ ሰዎች በቅተውኛል።» ሳህኑን ገፋችው።

ኤጭ እጇን ወደ ቦርሳዋ ሰደደች። እታለም ዓይኗን ከቦርሳው አልነቀለችም። ኤጭ እጇን ባዶውን መለሰችና ያንኑ ጭልፋ አንስታ ጎረሰች። ወፍራም ነው፣ ይዝለገለጋል፣ ምን እንደሚመስል ማሰብ አልፈለገችም። ወረደ። ተመልሶ ጉሮሮዋ ድረስ መጣ። እንደገና ዋጠችው፤ ዓይኗ እንባ ሞላ።

«ጣፈጠሽ?»

«ኤጭ!»

እታለም በሳቅ ፈረሰች። ሳቁ ሳል ሆነባት፤ ሳሏም እዚያው ሳህኑ ላይ። ኤጭ አየችው፤ እያየችው ከዚያው ሌላ ጎረሰች። ያን ጊዜ እታለም ሳህኑን ወደራሷ ሳበች፤ በዳቦ እየጠረገች፣ ጣቷን እየላሰች፣ እስከ ሳህኑ ታች ድረስ በላች። ጨመረችም።

እቃውን ለማጠብ ኤጭ ስትነሳ እጇ በልማዱ ወደ ዱቄት ሳሙናው ሄደ።

«እጅሽን!» አለች እታለም ከበርጩማው።

ሳሙናውን ተወችው። ቅባቱ ጥፍሯ ሥር እየገባ፣ አፍንጫዋን በክንዷ ሸፍና እያቅለሸለሻት፣ የእናቷን ትንሽ ድስት በሙቅ ውሃ ብቻ አለቅልቃ እሁድ መጥታ ልትሠራበት እንዲደርቅ ደፋችው።