ሚስተር ቫሱ፣ የቀለም አባት

ቅዳሜ፣ ከንጋቱ 11 ሰዓት ከሩብ፣ ቃሊቲ

ቃሊቲ መናኸሪያ በዚህ ሰዓት ብርድ፣ የናፍጣ ሽታና የረዳት ጩኸት ነው። ረዳቱ «ሐዋሳ፣ የቀረ አንድ ሰው» ይላል፤ መኪናው ውስጥ ያለነው ግን ሦስት ነን። ለሽበቴ ሲባል ጋቢና ተሰጠኝ።

ሾፌሩ የሐዋሳ ልጅ ነው። ቱሉ ዲምቱን ሳናልፍ የምሄድበትን ጉዳይ አወጣጣኝ። የሥዕል ኤግዚቢሽን ሲከፈት ንግግር ላደርግ ነው አልኩት። የማን ሥዕል ሲለኝ የሚስተር ቫሱ አልኩት።

«ህንዱ?» አለና ፊቱ በራ። የአክስቱ ምግብ ቤት ግድግዳ ላይ ያለውን የቆሮሶ ዓሣ የሣሉት እሳቸው ናቸው፤ ድመት ስትልሰው ያየ ሰው አለ አለኝ። ድመቷ ትንሽ የተጨመረች ትመስላለች።

ደስ ብሎኝ መሄድ ነበረብኝ፤ ግን ፈርቻለሁ። ቦርሳዬ ውስጥ ያለው የጥሪ ካርድ እንዲህ ይላል፦ «የቀለም አባት። ሠዓሊ ቫሱ፣ የዕድሜ ልክ ሥራዎች። ይህን ስም የሰጠኝ የሐዋሳ ሕዝብ ነው።»

ስሙን የሰጠኋቸው እኔ ነኝ፤ ያኔ የአሥራ አራት ዓመት ልጅ ነበርኩ። እሳቸው ደግሞ ሂሳብ አስተማሪያችን ነበሩ።

1 ሰዓት ተኩል፣ ባቱ

ሾፌሩ ዓሣ ለብለብ አዘዘ። እኔ ሻይ ብቻ ጠጣሁ። ከሞጆ ወዲህ መንገዱ ዳር ቲማቲምና ሐብሐብ ተደርድሯል፤ ሌላ ጊዜ ቢሆን ሦስት ቦታ አስቁሜ ተሳፋሪውን ሁሉ አስመርር ነበር።

ነገሩ እንዲህ ነው። አባቴ ከጎንደር ለመንግሥት ሥራ ተዛውሮ ሐዋሳ ሲገባ እኔ ሰባተኛ ክፍል ነበርኩ። በዘመኑ በየትምህርት ቤቱ የህንድ መምህራን ነበሩ፤ ሚስተር ቫሱም አንዱ ናቸው፤ አገራቸው ኬረላ፣ ውኃ የበዛበት የደቡብ ህንድ ጠረፍ። በወላጆች በዓል ላይ ለመምህራን ምስጋና እንዳነብ ተመረጥኩ። የአማርኛ መምህሬ ያሳመሩልኝን ወረቀት ይዤ «የቀለም አባታችን ሚስተር ቫሱ» ብዬ አነበብኩ። አማርኛ ለሚያውቅ ግልጽ ነው፤ ቀለም ትምህርት ነው፣ የቀለም አባትም ያስተማረ ሰው ነው። ሚስተር ቫሱ በዚያ ቀን ብድግ ብለው ዓይናቸውን ሲጠርጉ አየሁ። ምስጋናው ነክቷቸው ነው ብዬ በራሴ ኮራሁ።

ባለፈው ወር ደውለው ንግግር እንዳደርግ ሲጋብዙኝ፣ «ሥዕል እንደምሥል ያወቅሽው በመስኮት አይተሽኝ ነው አይደል?» አሉኝ። ያኔ ገባኝ። የሳቸው መዝገበ ቃላት ቀለም ማለት ቡርሽ የሚነከርበት ነው ይላል። ልጅ ሳሉ አባታቸው ቡርሾቻቸውን ምድጃ ውስጥ ከትተው «ሂሳብ ተማር» ብለዋቸው ነበር፤ ሐዋሳም መጥተው መስኮት ዘግተው ነበር የሚሥሉት። እኔ መድረክ ላይ የቀለም አባት ስላቸው ምስጢራቸው የታወቀ መሰላቸው። በማግስቱ ሥዕሎቻቸውን በረንዳ ላይ አወጡ። ከዚያ ወዲያ ተደብቀው አልሣሉም።

በስልክ «አዎ፣ በመስኮት» ብዬ ዋሸሁ። አይለፍልኝ! ከሦስት ቀን በፊት ደግሞ አንድ ሰው ካርዱን ፌስቡክ ላይ ለጥፎ «ራሱን የቀለም አባት ብሎ የሾመ ሰው አየን» ብሎ ቀልዶበታል፤ ሳቂው ብዙ ነው። የቀለም አባት ተማሪ ለመምህሩ የሚሰጠው ማዕረግ ነው፤ ራሱ ለራሱ የሚለጥፈው የለም። በሰማንያ ዓመታቸው በር ላይ ቆመው እንዲሳቅባቸው አልፈልግም። ከመክፈቻው በፊት መንገር አለብኝ።

4 ሰዓት ተኩል፣ አሞራ ገደል

በቀጥታ ወደ ቤታቸው መሄድ ነበረብኝ። እግሬ ግን ወደ ዓሣ ገበያው ወሰደኝ፤ ፈሪ ሰው ሁልጊዜ ሌላ ጉዳይ አያጣም።

ጀልባዎቹ ገብተዋል። ሴቶች ዓሣ ይቀርፋሉ፣ ሰዎች ጥሬውን በዳጣ ይበላሉ፣ አባ ኮዳ የሚባሉት ትልልቅ ወፎች እንደ ጡረተኛ ዳኛ ቆመው አንጀት ይጠብቃሉ። ጋሽ ዳንጊሶ የሚባሉ አሮጌ ዓሣ አጥማጅ መረብ ሲጠግኑ አገኘሁ፤ ሚስተር ቫሱ ብዙ ጊዜ ሥለዋቸዋል። የሚስተር ቫሱን አሣሣል ጠየቅኳቸው። ሰው ከመሣላቸው በፊት ሳምንት ሙሉ ከዚያ ሰው ዓሣ ይገዛሉ አሉኝ፤ እጁ ሳይፈራ ሲሠራ ለማየት ነው።

«ድሮ ሲሥል ሐይቃችን ዳር ኮኮናት ይተክል ነበር» አሉኝ እየሳቁ። «እዚህ እንዲህ ዓይነት ዛፍ የለም አልኩት። በየዓመቱ ይቀንሳል፣ ይቀንሳል፣ አለቀ። አሁን ሲያረጅ አንድ መልሶ ተከለ። ይኑር አልኩት። አንድ ሰው አገሩን አንድ ዛፍ ያህል ቢይዝ ምን አለ?»

6 ሰዓት፣ ሚስተር ቫሱ ቤት

ከታቦር ተራራ ግርጌ ሁለት ክፍል ቤት ነው። ሌሎቹ የህንድ መምህራን ኮንትራታቸው ሲያልቅ ሄዱ፤ እሳቸው ቀሩ። ሸራ በሌለበት ዘመን አቡጀዲ ወጥረው፣ የግድግዳ ቀለም በጥብጠው ሠርተዋል። ጠዋት ሂሳብ አስተምረው፣ ከሰዓት የምግብ ቤት ታፔላ ጽፈው፣ በተረፈው ሐይቁን ሥለዋል። አንድ ጊዜ ሥዕላቸውን አገራቸው ወስደው ሲያሳዩ «አፍሪካዊው ሠዓሊ» ተባሉ። እዚህ ደግሞ እስከ ዛሬ «ህንዱ» ናቸው።

አብዛኛው ሥዕል ወደ አዳራሽ ሄዷል፤ አንድ ትልቅ ሸራ ቀርቷል። ፍቼ፣ የሲዳማ ዘመን መለወጫ፣ በጉዱማሌ አደባባይ፦ ሽማግሌዎቹ ተሰብስበው፣ የነጩ ልብስ ነጭነት አንዱ ከአንዱ ሳይመሳሰል። ስንት ዓይነት ነጭ እንዳለ ያወቅኩት ዛሬ ነው። ፊቱ ቆሜ የመጣሁበትን ጉዳይ ረሳሁ። እውነቱን ልናገር፣ እንዲህ ማየት በመቻላቸው ቀናሁባቸው።

እሳቸው ሻይ ሲቀዱ ነገርኳቸው። አንድም ሳላስቀር፤ ቀለም ምን እንደሆነ፣ በመስኮት እንዳላየሁ፣ ፌስቡክ ላይ የተጻፈውን።

ማንቆርቆሪያውን አስቀመጡ። ሚስተር ቫሱ አማርኛቸው የተጣራ ነው፤ ሲደነግጡ ብቻ ሴቱን ወንድ ያደርጋሉ።

«አስቴር፣ እውነቱን ንገረኝ» አሉኝ። «ያን ቀን ማንም አላየኝም ማለት ነው?»

«ማንም አላየዎትም።»

«እኔ አንድ ሰው አየኝ ብዬ ነው እኮ የኖርኩት።»

ፊታቸውን ወደ ትልቁ ሸራ አዞሩ። እንደዞሩ፣ «ሂድ፤ ዘጠኝ ሰዓት ላይ ና» አሉኝ። ሻዬን ሳልጠጣ ወጣሁ። መንገድ ላይ ራሴን ረገምኩ፤ ለሰማንያ ዓመት ሰው እውነት ምን ይሠራለታል?

9 ሰዓት፣ ሐይቅ ዳር

አዳራሹ በር ላይ የኤግዚቢሽኑን ስም የያዘ አቡጀዲ ይሰቀላል ተብሎ ነበር። የለም። ሚስማሩ ብቻ አለ። ሰርዘውታል ብዬ በሩን ገፋሁ።

ውስጥ ግን ሰው ጢም ብሏል። የድሮ ተማሪዎች፣ ነጋዴዎች፣ የቢሮ ሰዎች፣ ከነቦት ጫማቸው የመጡ ዓሣ አጥማጆች። አቡጀዲው መድረኩ ላይ ተወጥሯል። «የቀለም» የሚለው እንዳለ ነው፤ «አባት» የሚለው በነጭ ተሸፍኗል፣ ነጩም ገና አልደረቀም። ሰዉ ይንሾካሾካል።

ሚስተር ቫሱ በክራቫታቸው ወጡ። የተሳሳቱትን ራሳቸው አንድ በአንድ ተናገሩ፤ መዝገበ ቃላቱን፣ የዘጉትን መስኮት፣ በማግስቱ ያወጡትን ሥዕል። አዳራሹ ሳቀ፤ እሳቸውም አብረው ሳቁ። ከዚያ ድምፃቸውን ዝቅ አደረጉ።

«ሂሳብ ሳስተምር መልሱ ልክ ሆኖ አሠራሩ የተሳሳተ ልጅ ያጋጥመኝ ነበር። ያ ልጅ እኔ ነኝ። ማንም አላየኝም ነበር። ግን ታየሁ ብዬ በረንዳ ላይ ስወጣ እናንተ መጥታችሁ አያችሁኝ። ዓሣ ሸጣችሁልኝ፣ ፊታችሁን ሰጣችሁኝ፣ ስሳሳት ይህ ዛፍ የኛ አይደለም አላችሁኝ። የተማርኩት እኔ ነኝ።»

ቡርሽ አነሱና ጥቁር ቀለም ውስጥ ነከሩት። በነጩ ላይ ቀስ ብለው ጻፉ፦ «ልጅ»።

የቀለም ልጅ።

ከዚያ ዞረው ከሰው መሃል ፈለጉኝ።

«ልክ ነው፣ የኔታ?» አሉኝ።

ንግግር እንዳደርግ ነበር የተጠራሁት፤ ሦስት ገጽ ጽፌያለሁ። «ልክ ነው» ከማለት በቀር አንዲት ቃል አልወጣኝም።