የሦስተኛው በር ቲኬት

ሃኖቨር ባቡር ጣቢያ፣ ሁለተኛው በር ላይ ቆሜ አሥራ ዘጠኝ ዓመት ቲኬት በስቻለሁ። ያኔ ሸኚም ቢሆን ያለ ቲኬት ወደ ባቡሩ አይጠጋም። የመሸኛ ቲኬቱን ገዝቶ ይመጣል፣ እኛ በስተን እናስገባዋለን፣ ሲወጣ መልሰን እንቀበለዋለን። የእያንዳንዳችን መብሻ ቲኬቱ ላይ የሚተወው ቀዳዳ የየራሱ ቅርጽ አለው፤ የእኔ ክብ፣ የሦስተኛው በር የሎታር ሦስት ማዕዘን ነበር።

ሎታርን አልወደውም፣ ምን እዋሻለሁ። ጸጉሩን በቅባት አስተኝቶ ሴት ባለፈች ቁጥር ባርኔጣውን የሚያነሳ ሰው ነው።

አንድ እሑድ ቁልፍ ፍለጋ የሚስቴን የአልሙትን ካፖርት ኪስ ብዳብስ አራት የመሸኛ ቲኬት አገኘሁ። ሁሉም የሐሙስ፣ ሁሉም በሦስት ማዕዘን የተበሱ። ደሜ ፈላ። ዘመዶቿ እንደሆኑ እዚሁ ሰፈር ናቸው፤ ማንን ልትሸኝ? ደግሞ ባሏ ሁለተኛው በር ላይ ቆሞ እያለ ዞራ በሎታር በኩል መግባቷስ? ያ ቅባታም ስትወጣ ቲኬቱን ያልተቀበላት ለምን ሲባል ነው?

ቲኬቶቹን ወደ ኪሷ መለስኳቸው። ድንቹ አልወርድ አለኝ፣ እንቅልፍም በዓይኔ አልዞር አለ። ሎታር ፊትህን ምን ነካው ሲለኝ በመብሻዬ ጆሮውን ልበሳው ምንም አልቀረኝም።

ሐሙስ የእኔን በር ሌላ ሰው አስይዤ ወደ ባቡሮቹ ገባሁ። አልሙት ከጋዜጣ መሸጫው ጀርባ ብቻዋን ቆማ ወደ እኔ በር ታያለች።

«ማንን ነው የምትጠብቂው?» አልኳት።

ደነገጠች። «አንተን» አለች። «ቤት ስትገባ ሾርባህን ጠጥተህ ጋዜጣ ውስጥ ትደበቃለህ። እዚህ ለማያውቅህ ሁሉ እየሳቅክ ‹መልካም መንገድ› ትላለህ። በአንተ በር ብገባ ፊትህ እንደ ቤቱ ይሆናል ብዬ ፈራሁ። ሎታርም አዝኖልኝ ቲኬቱን ይተውልኛል። መንገደኛ ላይ እቀናለሁ፣ ኤክሃርት።»

እኔ በአንድ ሎታር ስንጨረጨር እሷ በመንገደኛው ሁሉ ስትቃጠል ኖራለች።

በሚቀጥለው ሐሙስ በእኔ በር መጣች። ቲኬቷን በሳሁላት። ቀና ብዬ ሳያት ለስንቱ ስለው የኖርኩት ቃል ከአፌ አልወጣ አለ። ጥቂት ጠበቀችኝና አለፈች።

ከኋላዋ አንዲት አሮጊት ሻንጣ እየጎተቱ መጡ።

«መልካም መንገድ፣ እማማ» አልኳቸው፣ ሳቄም አብሮ መጣ።

አልሙት ገና ሩቅ አልሄደችም ነበር።